ማንሳት

ከፍርድ ቤቱ አጥር ስር፣ ከዋርካው ጥላ ዳር፣
ጃንጥላ ዘርግቼ፣ በሦስት እግር ወንበር፣
የሰውን አቤቱታ ስቀጠቅጥ በጣቴ፣
ሃያ ሁለት ክረምት አለፈ በፊቴ።
ለስንቱ ጻፍኩለት፤ ለድንበር፣ ለቀለብ፣
ለተነጠቀ ቤት፣ ለተካደ ገንዘብ፤
«ለክቡር ፍርድ ቤት» ከምትል መስመር ስር
ስንት እንባ አሰለፍኩ፣ እንደ ወታደር።

ዛሬ ግን ዱካሌ፣ የሟቹ ሐሜሶ ሚስት፣
መጣች ከአሞራ ገደል፣ በማለዳ ሰዓት፤
የቆሮሶ ቅርፊት ክንዷ ላይ እያበራ፣
የመዝገብ ቁጥሯን እንደ ልጅ ስም ስትጠራ።

«ጻፍልኝ» አለችኝ። «ምን ልጻፍልሽ?» አልኳት።
«ክሴን ማንሳቴን ነው።»
                         አየኋት፣ አየኋት።

አሥራ አንድ ቀጠሮ ሄዳ ተመልሳለች፤
አንዴ ዳኛው ታመው፣ አንዴ መብራት ጠፍታ፣
አንዴ መጥሪያው ሳይደርስ፣ አንዴ ቀን ተምታታ፤
ዓሣዋን ለጎረቤት በአደራ ሰጥታ፣
ሳይሸጥ እየገማ ስንቱን ቀን ከሰረች።

ጀልባው የባሏ ነው፣ በሐይቁ የሞተው፤
ማኅበሩ «የእኛ ነው» ብሎ የወሰደው፤
«ሴት መረብ አትጥልም፣ ድርሻም አትወርስም»
ብለው ስሟን ሰረዙት፣ በቀይ እስክሪብቶ፣
ያለ ቃለ ጉባኤ፣ ያለ ማኅተም።

«ዱካሌ፣» አልኳት፣ «ሰው ምን ይልሻል?
ፈራች ይሉሻል፣ ተገዛች ይሉሻል፤
ያ ሊቀ መንበሩ ዛሬ ሙክት ይጥላል፤
ረታሁ እያለ በባጃጅ ይዞራል።»

ሳቀች።
«አንተ የቀለም ሰው፣ ሐይቁን አታውቀውም፤
መረብ በተነሳ ማጥመድ አይቆምም።
ዓሣ በሌለበት ቁጭ ብሎ የሚያድር
ትዕግሥተኛ ሳይሆን ሞኝ ነው በእኛ ምድር።
ዳኛዋ ነገሩኝ፣ በመነጽር በላይ አይተው፦
‹የማኅበር አባል ጠብ ሌላ ደጅ አለው፤
መጀመሪያ ግልግል፤ እሱን ሳታዪው
እዚህ ብትሟገቺ ውድቅ ነው የሚሆነው።›
ውድቅ ከሚሉኝማ እኔው ላንሳው ብዬ፣
ከስንት ወር በኋላ እንቅልፍ ወሰደኝ፣ ጭንቄን ጥዬ።
እዚያ አንዱን ገላጋይ እኔ ነኝ የምመርጥ፤
ምስክሬም ጦና ነው፣ የጀልባ እንጨት የሚቆርጥ።»

ከጣሪያው ጫፍ ላይ አንድ አባ ኮዳ ቆሟል፤
ጥቁር ካባ ደርቦ፣ አንገቱን ቀብሮ፣ ተራ ይጠብቃል።

ወረቀት አጎረስኩ፣ ሦስት፣ ከነካርቦኑ።
«ክሴን ትቻለሁ» ስል፣ ገና ሳይደርቅ ቃሉ፣
እጄን ያዘች። «ተው! ትቻለሁ አትበል።
መተውና ማንሳት አንድ ነው ወይ? አስተውል።
የተውኩት እንደሆን ሜዳ ላይ ይቀራል፤
ያነሳሁት ግን ከእኔ ጋር ይሄዳል።»

አምና ይህን መዝገብ ስከፍት በዚሁ ወንበር
ክስ አነሳች ብለው ነበር ያወሩት በሰፈር፤
ዛሬም ክስ አነሳች። ቃሉ ያው አንድ ቃል።
ሃያ ሁለት ክረምት መትቼው፣ ለካ አላውቀውም ኖሯል።

«ጉዳዩን በሌላ ሕጋዊ መንገድ ለመከታተል ስለፈለግሁ፣
ዳግም የመክሰስ መብቴ ተጠብቆ
መዝገቡ እንዲዘጋልኝ።»
አውራ ጣቷን ቀለም ነክራ አሳረፈች፤
ቅርፊት አብሮ ተጣበቀ። አላነሳሁትም።

ሦስት ሰዓት ላይ ችሎት ገባች፤ ወዲያው ወጣች።
«መዝገቡ ተዘግቷል፤ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ።»
ሊቀ መንበሩ በረንዳው ላይ ሲስቅ፣ በደስታ ሲፈስ፣
ፖስታ አቀበለችው።
የግልግል ጥያቄ፤ ሁለት ገጽ፤
ልጇ የጻፈችው፣ አሥረኛ ክፍል፣ በእጅ ጽሑፍ።
(እኔን አላማከሩኝም። ትንሽ ቅር አለኝ።)
እዚያው ቆሞ አነበበ። ሳቁን እንደያዘ።
ሁለተኛው ገጽ ላይ ሲደርስ ሳቁ ደረቀ።

ተመልሳ መጣች፣ ሂሳቤን ልትከፍል፤
መቶ ብር፣ እርጥብ፣ ዓሣ ዓሣ የሚል።
ተቀብዬ ኪሴ ከተትኩ፤ ሌላ ባለጉዳይ ተቀምጧል፣
ሌላ ድንበር፣ ሌላ እንባ ወረቀት ይጠብቃል።
ቀና ስል፣ ዱካሌ አልሄደችም፤ ቆማለች።
«ምነው?» አልኳት።
                    «መልሴን፣» አለች።
«መልሴን ሳልቀበል ከዚህ አልሄድም።»